የአብሾ ሕልም

ባለፈው ክረምት ከጎንደር ወደ ደባርቅ በሚወስደው መንገድ ላይ በምትገኘው በኮሶዬ ሰንብቼ ነበር። ዝናቡ ሲያባራ ከኮሶውና ከአስታው ሥር እንጉዳይ ፈልቶ ይታያል፤ ልጆቹም የጅብ ጥላ እያሉ በእግራቸው ይረግጡታል። ይህን ባየሁ ጊዜ በመኝታ ቤታችን ሲወራ የሰማሁት ተረት ትዝ አለኝና ላሳደሩኝ መሪጌታ አጫወትኳቸው። ተረቱ እንዲህ ነው፤ ከምድር በታች አእምሮ ያለው አንድ ፈንገስ ይኖራል፤ የሰው ልጅ ያወቀውን ሁሉ በሕልም ዓለም አከማችቶ ይጠብቃል፤ የቀመሰው ሰው ይተኛል፤ ሲነቃም ሊቅ ነው።

መሪጌታው ሳቁና «ልጄ፣ ይኸማ የኛው አብሾ ነው» አሉኝ።

እውነታቸውን ነው። ስለ ፈንገሱ እንኳ ብዙ መናገር አያስፈልግም። ክር የመሰለው አካሉ ከዛፍ ሥር ጋር ተጠላልፎ ለዛፉ ፎስፎረስና ውሃ ያቀብላል፤ በምላሹም ዛፉ የሠራውን ስኳር ይቀበላል። ይህ ራሱ የሚያስደንቅ ሥራ ነው፤ ሲያልም ያየው ግን የለም።

አብሾ ግን ተረት ብቻ አይደለም። በቤተ ክህነት ትምህርት ቤቶች «አእምሮ ይከፍታል» እየተባለ ከአስተናግር ፍሬ እየተዘጋጀ ሲወሰድ የኖረ ነገር ነው። አስተናግር፣ አንዳንዱ ሰው አጤ ፋሪስ የሚለው፣ በየጉድፉና በየአጥሩ ጥግ የሚበቅል ፍሬው እሾኻም ተክል ነው። ስሙ ራሱ ይመሰክርበታል፤ የበላውን ያስለፈልፋልና። ቁጣው ከልክ ያለፈውን ሰው «አብሾ አለበት» እንል የለምን?

በፍሬው ውስጥ ያሉት አትሮፒንና ስኮፖላሚን የሚባሉ መርዞች ናቸው። አፍ ያደርቃሉ፣ የዓይን ብሌን ያሰፋሉ፣ የሌለ ነገር ያሳያሉ፣ ሲበዙም ይገድላሉ። (ኮሶም መራራ ነው፤ ነገር ግን ባላገሩ ኮሶ ሲጠጣ ምን እንደሚወጣለት ያውቃል።) የሚገርመው ደግሞ ይህ ነው፤ ድራክማንና ሌቪት የተባሉ ተመራማሪዎች በአውሮፓ አቆጣጠር በ1974 ስኮፖላሚንን ለጤነኛ ወጣቶች ሰጥተው ቢፈትኗቸው፣ ወጣቶቹ አዲስ ነገር አጥንቶ የመያዝ ኃይላቸው ደከመ። ከዚያም ወዲህ የመርሳት በሽታ መድኃኒት የሚሞክሩ ሰዎች፣ ትዝታን ሆን ብለው ለጥቂት ሰዓት ለማደንዘዝ በዚሁ በስኮፖላሚን ሲጠቀሙ ኖረዋል። መክፈቻ የተባለው መዝጊያ ሆኖ ተገኘ ማለት ነው።

እኔን የሚያንገበግበኝ ግን መርዝነቱ ብቻ አይደለም። አንድ የቆሎ ተማሪ ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ ከየደጁ እየለመነና ውሻ እየነከሰው ከጉባኤ ቃና ተነሥቶ መወድስ እስኪደርስ ስንት መከራ ያያል! ቀን ከሰው ተለይቶ ቅኔውን ይቆጥራል፤ ለመምህሩ ይነግራል፤ መምህሩም ያፈርስበታል፤ በማግሥቱ እንደገና ይጀምራል። ሊቅ ሆኖ ሲወጣ ግን ሰው «አብሾ ጠጥቶ ነው» ይላል። የዚያን ሁሉ ዓመት ድካም ለአንድ እሾኻም ፍሬ መስጠት ምን ዓይነት ፍርድ ነው?

እኛም ዘመናዊ ተማሪዎች ነን የምንለው ይህንኑ ፍርድ ሳንመረምር ተቀብለናል። የቤተ ክህነት ሊቃውንት ያን ሁሉ በቃላቸው የያዙት በመድኃኒት ነው ብለን ስለምናስብ ዘዴያቸውን ለመጠየቅ አልፈለግንም። ከመምህራኖቻችን መካከል የተማሪውን ሥራ በየቀኑ ሰምቶ፣ አፍርሶ፣ እንደገና የሚያሠራ ስንት ይገኛል? ከእኛስ መካከል ሥራው ሲፈርስበት የማይቀየም ማን አለ? እኛ የተናገሩትን ገልብጠን ለፈተና ሌሊት እንሸመድዳለን፤ ሌሊቱ አልበቃ ሲልም ምንነቱ ያልታወቀ ክኒን ከጓደኛው እጅ ተቀብሎ የሚውጥ አይጠፋም። ይህ ሰው በቆሎ ተማሪው አብሾ ሊስቅ አይገባውም።

ከኮሶዬ ከመነሣቴ በፊት «መሪጌታ፣ እርስዎስ ቀምሰው ያውቃሉ?» ብዬ ጠየቅኋቸው።

«እኔስ ፈራሁ» አሉ። «አንዱ ጓደኛችን ቀምሶ ሦስት ቀን ሙሉ ከአጥር ጋር ሲከራከር ሰነበተ።»

«ታዲያ ቅኔውስ?»

«የምን ቅኔ! እሱን ስንጠብቅ የኛም ቆጠራ ቀረ።»