ዘፈኑንም ምድጃውንም

«ፊልም ማንሳት እንጀራ አይሆንም» የሚሉን ወላጆች ብዙም አልተሳሳቱም። አሜሪካዊው ሌስ ብላንክ (እ.ኤ.አ. 1935–2013) እንጀራውን ያገኝ የነበረው የድርጅቶች ማስታወቂያ ፊልም እየሠራ ነው፤ ልቡ ግን ከዘፋኞች ዘንድ ነበረ። በ1967 የራሱን የፊልም ድርጅት አቋቁሞ የቴክሳሱን ላይትኒን ሆፕኪንስን፣ በ1976 ደግሞ በሜክሲኮ ጠረፍ ያሉትን አኮርዲዮን ተጫዋቾች አሳየን። ያሳየንም ዘፈኑን ብቻ አይደለም፤ ምድጃውን፣ ጭፈራውን፣ የእርሻ ሠራተኛውን ድካም ጭምር ነው። ስለ ነጭ ሽንኩርት የሠራው ፊልም ሲታይማ በአዳራሹ ውስጥ ነጭ ሽንኩርት ይጠበስ ነበር ይባላል! በእኔ አስተያየት ትክክለኛው አሠራር ይህ ነው። እኛ ግን አምና አንድ አረጋዊ አዝማሪ ወደ ትምህርት ቤታችን መጥተው ሳሉ ዘፈናቸውን ብቻ ቀረጽን፤ ማሲንቆ መምታት ማን እንዳስተማራቸው ሊያጫውቱን ሲጀምሩ ካሜራውን አጠፋነው።