ባለ ቢሊየን ማለት ምን ማለት ነው?

በመካነ ሰላም ከተማ ከሥራ ሰዓት በኋላ ሻይ ቤት የሚቀመጥ ሰው፥ ከወጣቶች አፍ ደጋግሞ የሚሰማው አንድ ቃል አለ፤ ይኸውም «ቢሊየነር» የሚለው ነው። አባቶቻችን «ባለጸጋ» ወይም «ባለ ጎተራ» ብለው ይረኩ ነበር። የዛሬው ተማሪ ግን ወደፊት ምን ልትሆን ትመኛለህ ተብሎ ሲጠየቅ፥ ሐኪም ወይም መሐንዲስ በማለት ፈንታ «ቢሊየነር» ብሎ ይመልሳል። መመኘቱን አንነቅፍም። የምንነቅፈው የሚመኙትን ነገር ሳይመረምሩ መመኘትን ነው። ስለዚህ እስቲ ነገሩን ከሥሩ እንመርምረው።

በመጀመሪያ ቁጥሩን እንመልከት። በወር 10,000 ብር የሚከፈለው አንድ መምህር፥ ሳይበላና ሳይለብስ፥ ኪራይና ግብርም ሳይከፍል ደመወዙን ሁሉ ቢያስቀምጥ፥ በዓመት 120,000 ብር ያጠራቅማል። በባሕረ ሐሳባችን ቁጥር ዓለም ከተፈጠረ 7,500 ዓመት ጥቂት አልፎታል። እንግዲህ ይህ መምህር አዳም ከገነት በወጣ ማግስት ተቀጥሮ እስከ ዛሬ ቢያገለግል ኖሮ፥ በእጁ የሚገኘው ገና 900 ሚሊዮን ብር ያህል ነበር። ቢሊየኑን ለመሙላት ከ800 ዓመት በላይ ይቀረዋል። ያውም ይህ በብር ነው። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ ለገበያ ከመለቀቁ በፊት አንድ ቢሊየን ብር 17 ሚሊዮን ዶላር ያህል ያወጣ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ግን አሥር ሚሊዮንም አይሞላም። በዓለም መዝገብ ስማቸው የሚጻፍ ባለጸጎች ደግሞ ቢሊየናቸው የሚቈጠረው በዶላር ነው።

ከዚህ ስሌት አንድ ነገር እንረዳለን። ማንም ሰው በገዛ ክንዱ ብቻ ደክሞ ወደ ቢሊየን አይደርስም። የሚደርሰው በብዙ ሺሕ ሰው ጉልበት፥ በባንክ ብድር፥ በመንግሥት ፈቃድ፥ በሕዝብ መንገድና በአገር መሬት ነው። ይህ ኃጢአት ነው ማለታችን አይደለም፤ እውነት ነው ማለታችን ነው። ቢሊየኑም ቢሆን በሣጥን የተቈለፈ ገንዘብ አይደለም። ፋብሪካው፥ ማዕድኑ፥ እርሻውና የአክሲዮን ድርሻው ተገምቶ፥ ዕዳው ተቀንሶ የሚገኝ ቁጥር ነው። እንግዲያስ ባለ ቢሊየኑ ከእኛ የሚለየው በምንድን ነው? እንደ እኛ የሚበላው አንድ ምሳ ነው፤ እንደ እኛ የሚተኛው በአንድ አልጋ ነው። የሚለየው በማዘዝ ችሎታው ነው።

ገንዘብ የማዘዝ ሥልጣን መሆኑን እንደ ወሎ ሕዝብ በመከራ የተማረ የለም። በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. በወሎ የደረሰውን ረኀብ የመረመሩት ሕንዳዊው የምጣኔ ሀብት ሊቅ አማርትያ ሴን፥ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1981 ባሳተሙት መጽሐፍ አንድ መራራ ነገር አስረድተዋል። በወሎ አዝመራው ቢጠፋም በመላው ኢትዮጵያ የነበረው እህል ያን ያህል አልጐደለም ነበር። በደሴ ገበያ የእህል ዋጋ እጅግ ሳይወደድ፥ እህልም ከወሎ ወደ ሌላ አገር እየተጫነ ሲወጣ፥ ገበሬው ያልቅ ነበር። ምክንያቱም አዝመራው የጠፋበት ሰው የሚገዛበት ገንዘብ አልነበረውም። ገበያ የሚሰማው የገንዘብን ትእዛዝ እንጂ የተራበ ሰውን ጩኸት አይደለም።

አሁን ወደ ዘመናችን እንመለስ። ለምሳሌ ሩቅ አንሄድም፤ በዓለም መዝገብ ስሙ የተጻፈ የወሎ ልጅ አለን። ሼህ መሐመድ ሁሴን ዓሊ አል-አሙዲ በወሎ አድገው፥ በወጣትነታቸው ወደ ሳውዲ ዐረቢያ ተሻግረው፥ የዚያን አገር ዜግነት አግኝተው ታላቅ ባለጸጋ ሆኑ። ፎርብስ የተባለው መጽሔት ሀብታቸውን ከ10 ቢሊየን ዶላር በላይ የገመተበት ጊዜ ነበር። በ1990 ዓ.ም. የተከፈተው ሸራተን አዲስ የእርሳቸው ሥራ ነው። በጥር 2009 ዓ.ም. የተመረቀውና በስማቸው የሚጠራው የወልድያ ስታዲየምም እንዲሁ ነው። ስለዚህ ሥራ ማመስገን ይገባል፤ እኛም እናመሰግናለን።

ምስጋና ግን ጥያቄን አይከለክልም። ስታዲየሙ በወልድያ የቆመው የተወለዱባትን ምድር የወደዱ አንድ ሰው ስለ ፈቀዱ ነው። ታዲያ ባለ ቢሊየን ልጅ ያልወለደ ወረዳስ ምን ይሁን? ቦረናና ለጋምቦ፥ ሳይንትና ከለላ ሀብታም ልጅ እስኪወልዱ ይጠብቁን? የአንድ አገር ልማት በአንድ ሰው የትውልድ መንደር የሚወሰን ከሆነ፥ ያ ልማት ዕጣ ነው እንጂ ዕቅድ አይደለም።

ደግሞም ሌላውን ወገን እንመልከት። በጉጂ ምድር በለገደምቢ የሚገኘው የወርቅ ማዕድን ከመንግሥት ወደ እርሳቸው ድርጅት ከተላለፈ ሃያ ዓመት ካለፈው በኋላ፥ የአካባቢው ሕዝብ ጤናችን ተጐዳ ብሎ ስለ ተነሣ፥ በግንቦት 2010 ዓ.ም. ፈቃዱ ታገደ። ይህን ሁሉ ዓመት ወርቁ ሲመዘን፥ የሕዝቡን አቤቱታ በሚዛን ላይ ያኖረው ማን ነበር? በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር ሼህ አል-አሙዲ ከሳውዲ መሳፍንትና ነጋዴዎች ጋር በሪያድ ታሰሩ፤ የተፈቱትም በጥር 2011 ዓ.ም. ነው። ፎርብስም የሳውዲን ባለጸጎች በሙሉ ከዚያ ዓመት መዝገቡ አወጣ። የብዙ ሠራተኛ ኑሮ በአንድ ሰው ዕጣ ላይ ምን ያህል እንደ ተንጠለጠለ፥ ባለ ቢሊየንም ቢሆን ከእርሱ የበለጠ አዛዥ እንዳለበት ያን ጊዜ በግልጽ ታየ።

በዚህ ጉዳይ ሁለት ዓይነት ሰዎች ይከራከሩናል። አንደኛው «ሀብታም ሁሉ ሌባ ነው» ይላል። ይህ ቅናት ነው እንጂ ፍርድ አይደለም። ፋብሪካ የሚያቆም ሰው ከሌለ የምናስተምራቸው ልጆች ወዴት ይቀጠራሉ? ሁለተኛው ደግሞ «ሀብታሙን አትጠይቁት፥ ይሸሻል፤ ቸርነቱ ይበቃናል» ይላል። ይህኛው የባሰ ነው። ቸርነት በሰጪው ፈቃድ የሚሰጥና በሰጪው ፈቃድ የሚቀር ነው። ግብር ግን የዜጋ ዕዳ ነው። ከሐምሌ 2017 ዓ.ም. ጀምሮ በተሠራበት ሕግ፥ የወር ደመወዙ ከ14,000 ብር ያለፈ ሠራተኛ፥ ካለፈው ላይ ከመቶ 35 ይከፍላል፤ ገንዘቡን በዓይኑ ሳያየው ይቈረጣል። የኩባንያ ትርፍ ግን የሚከፍለው ከመቶ 30 ነው። ባለድርሻው ትርፉን ሲካፈል ሌላ ግብር እንዳለበት አንክድም። ሆኖም የደመወዝተኛው ሒሳብ እንደ ብርጭቆ ጥርት ብሎ ሲታይ፥ የባለ ቢሊየኑ ሒሳብ በጭጋግ ሊጋረድ አይገባም።

እኛ የመንግሥት ሠራተኞች በቢሯችን አንዲት ወንበር ስንረከብ ሞዴል 22 ላይ እንፈርማለን። ወንበሯ ብትጠፋ እንጠየቅባታለን። አገራችን ሹመኛን መጠርጠር ከጥንት ታውቃለች፤ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቈጨዋል» የሚለው ተረት ለዚህ ምስክር ነው። ገንዘብም ሹመት መሆኑን ግን ገና አላወቅንም። ወንበር የተረከበ የሚፈርም ከሆነ፥ ተራራ ከነወርቁ የተረከበ ለምን አይፈርም? ውሉ ይታተም፤ የሠራተኛው ደመወዝ፥ የወንዙ ንጽሕናና የተከፈለው ግብር በየዓመቱ ለሕዝብ ይነገር። ይህ ቅን ነጋዴን አያስሸሽም፤ ይልቁንም ከሐሜት ያድነዋል።

ይህ ዐሳብ ከውጭ የመጣ አይደለም። በወሎ በየመንደሩ ቅሬ አለ። ሰው ሲሞት ክርስቲያኑም እስላሙም፥ ባለ ጎተራውም ድሀውም እኩል ያዋጣል። ከቀብር የቀረ ሀብታም «በሬዬ ብዙ ነው» ብሎ ከቅጣት አያመልጥም፤ በቅሬው ዳኛ ፊት ቆሞ ይጠየቃል። ስለዚህ መምህራን ሆይ፥ ተማሪው «ቢሊየነር መሆን እመኛለሁ» ሲላችሁ አትሳቁበት፥ አትገሥጹትም። «ዳኛህ ማን ይሆናል?» ብላችሁ ጠይቁት። ለዚህ መልስ ያለው ልጅ ቢበለጽግ፥ ከእርሱ ጋር አገር ይበለጽጋል።