ከመስቀል መልስ



በዚህ እትም ስለ ሕፃናት ዝውውር የምንጽፈው ወቅቱ ስለሆነ ነው። ለመስቀል በዓል ወደ ጨንቻና ዶርዜ ከዘለቁት የአዲስ አበባ ሸማኔዎች አንዳንዶቹ ሲመለሱ ልጅ ይዘው ይመጣሉ። ለወላጅ የሚነገረው «አስተምረዋለሁ» የሚል ነው። ልጁ ሽሮ ሜዳ ሲደርስ ድውር ያዞራል፤ ጥቂት ከፍ ሲል ደግሞ እግሩን ጉድጓድ ውስጥ ሰድዶ መወርወሪያ ሲያመላልስ ይመሻል። በሙያው ላይ ጣት መቀሰራችን አይደለም፤ ሸማኔነት የተከበረ ጥበብ ነው፣ ብዙዎቹም የገዛ ልጆቻቸውን ያስተማሩበት። ግን እኛ ገዢዎቹስ በነጠላው ዋጋ ስንከራከር የማን እጅ እንደሠራው ጠይቀን እናውቃለን?

«ልጁ ራሱ ፈቅዶ ነው የመጣው» የሚለው ምክንያት ከ18 ዓመት በታች ላለ ልጅ በሕግ ፊት አይቆምም። በሰው መነገድን የሚከለክለው አዋጅ ቁጥር 1178/2012 የሚለው ይህንኑ ነው። ልጁን ያመጣው ሰው ይህን ሳያውቅ አይቀርም፤ ጎረቤት ግን አያውቅም።

በውስጥ ገጾች ጎረቤት ምን ምልክት ሊያይ እንደሚችልና ለማን እንደሚያመለክት ታገኛላችሁ። ረዘም ያለውን ቦታ የሰጠነው ግን ከዚህ ሕይወት ለወጡት ነው። ልጅን መኪና ላይ አሳፍሮ ወደ ቀዬው መላክ ብቻውን መፍትሔ አይሆንም፤ ያስወጣው ችግር እዚያው ይጠብቀዋል፣ የትምህርት ዓመታቱም አምልጠውታል። ባዶ እጁን በመመለሱ የሚያፍርም አለ።

የባለታሪኮቹን ስም ቀይረናል። ሽፋናችን ላይ የሚያለቅስ ልጅ የጠበቀ አንባቢ ካለ፣ ሆን ብለን ነው የተውነው።

አዘጋጁ