«ነፃ» የተባለው በር

በጀጎል ግንብ ውስጥ ተቀምጦ ከባሕር ማዶ ልጆች ጋር በአንድ የኢንተርኔት ጨዋታ መሰለፍ ዛሬ ብርቅ አይደለም። በሩም በነፃ ይከፈታል (የኢንተርኔቱ ሒሳብ ግን ከቤት ወጪ ነው)። «ወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት» ከ2011 እ.ኤ.አ. ጀምሮ እስከ 20ኛ ደረጃ፣ «ፋይናል ፋንታሲ 14» ከ2023 ወዲህ እስከ 70ኛ ደረጃ ያለ ክፍያ ያጫውታሉ። በነፃ የገባው እንደ ልቡ እንዳይገበያይና እንዳይጽፍ የሚደረገው አጭበርባሪዎችን ለመግታት ነው፤ ይህን አንነቅፍም።

የሚያሳስበን ከ20ኛው በኋላ ያለው ነው። ጓደኞቹ ያልፋሉ፤ እርሱ ይቆማል። የዋርክራፍት ወርኃዊ ክፍያ በአሜሪካ ዋጋ 15 ዶላር ገደማ ነው። ያን ጊዜ ልጁ ቶሮንቶ ላለ አጎቱ ይደውላል፤ ወይም የሌላ ሰው አካውንት በብር ይገዛል። ኩባንያው የአካውንት ሽያጭን በደንቡ ስለሚከለክል፣ አካውንቱ ከታገደ ብሩም አብሮ ይቀራል።

ወላጆች፣ ገና 12ኛ ደረጃ ላይ ሳለ ጠይቁት፤ ደረጃውን በኩራት ይነግራችኋል።