ድኻ ምን ይጠፋበታል?

ከጥቂት ጊዜ በፊት አንድ ወጣት ጸሐፊ የአጭር ልብ ወለዱን ረቂቅ ይዞ መጣና «አንብበው አስተያየትዎን ይስጡኝ» አለኝ። ታሪኩ እንዲህ ነው። የባለጠጋ ልጅ የሆነች ቆንጆ ከሟች እናቷ የወረሰችውን የወርቅ ሐብል መንገድ ላይ ትጥላለች። አንድ ሊስትሮ ያገኘዋል። ባለቤቷን ሲያፈላልግ ሰንብቶ ይመልስላታል። ልጅቷ ታለቅሳለች፤ ልጁም ያለቅሳል። ከዚያ ቀን ጀምሮ የማይነጣጠሉ ወዳጆች ይሆናሉ። በመጨረሻ ሐብሉ ላይ በተቀረጸው ፊደል ምክንያት ሊስትሮው የልጅቷ የጠፋ ወንድም ሆኖ ይገኛል። እንደገና ልቅሶ!

ረቂቁን ለሁለት ወዳጆቼ አስነበብኳቸው። አንዱ «አንጀት ይበላል» ብሎ መሐረቡን አወጣ። ሌላው ሂስ ሂስ የሚለው ነው፤ ከንፈሩን ገልበጥ አድርጎ «የጠፋ ሐብል፣ ያልታሰበ ወዳጅ! ይኼ ያረጀ ያፈጀ እንባ አስመጪ ነው። ዕቃውን ይጣልና የሰውን ሐሳብ ይጻፍ በለው» አለኝ።

ሁለቱም ተሳስተዋል ባይ ነኝ። ለምን እንደሆነ ልናገር።

በመጀመሪያ ከሂስ ወዳዱ ልጀምር። ዕቃ ከሰው ልብ ውጭ የሚኖር ግዑዝ ነገር ነው ያለው ማን ነው? የፈረሰ ቤቷን ቁልፍ በነጠላዋ ጫፍ ቋጥራ የምታኖር እናት የማያውቅ አለ? በሩ የለም፤ ግድግዳው የለም፤ ቁልፉ ግን አለ። የአባቱን ከዘራ ከበሩ ኋላ አቁሞ፣ ማንም እንዳይነካበት የሚቆጣ ጎልማሳስ? እነዚህ ሰዎች ሐሳብ የላቸውም ወይስ ሐሳባቸውን በዕቃው ውስጥ አስቀመጡት? ደራሲ ይህን ቢጽፍ ነውሩ ምኑ ላይ ነው? «ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም» ይባላል። እንባው ከየት መጣ ብሎ መጠየቅ የሃያሲ ሥራ ነው። እንባ ለምን መጣ ብሎ መቆጣት ግን ሂስ አይባልም።

ወደ መሐረበኛው ወዳጄ ስመለስ ደግሞ ጠቤ ሌላ ነው። ያንን ታሪክ ዳር እስከ ዳር ብታነቡት ልጅቷ የጣለችውን ሐብል ታውቃላችሁ፤ ወርዱን፣ ክብደቱን፣ ማን እንዳወረሳት ታውቃላችሁ። ሊስትሮው ግን በቀን ስንት ጫማ እንደሚጠርግ፣ የት እንደሚያድር፣ ሐብሉን ባገኘበት ቀን ምን በልቶ እንደዋለ አታውቁም። እሱ በሕይወቱ ምንም ነገር ጠፍቶበት አያውቅም። ተግባሩ ማግኘትና መመለስ ብቻ ነው። በእንዲህ ዓይነት ድርሰታችን ውስጥ ሁልጊዜ ባለጠጋ ይጥላል፣ ድኻ ያነሳል። ከዚያም ወዳጅነት እንደ ጉርሻ ይጣልለታል። ያውም ወንድም ሆኖ ካልተገኘ ወዳጅነቱ እንኳ አይጸናለትም! የሥጋ ዝምድና ካልተጨመረበት ሊስትሮን መውደድ ለደራሲው ከብዶታል ማለት ነው።

ይህን ለወጣቱ ነግሬው «እስቲ ለልጁም የሚጠፋበት ነገር ስጠው» ብለው፣ ገርሞት አየኝና «ድኻ ደግሞ ምን ይጠፋበታል?» አለኝ።

ለዚህ ጥያቄ ሩሲያዊው ጎጎል እ.ኤ.አ. በ1842 ባሳተመው «ካፖርቱ» በተሰኘ ታሪኩ መልሷል። አካኪ አካኪየቪች በፒተርስበርግ ከተማ ጽሕፈት የሚገለብጥ ተራ የመንግሥት ሠራተኛ ነው፤ ደመወዙ በዓመት 400 ሩብል። አሮጌ ካፖርቱ ከመሳሳቱ የተነሳ ጠጋኙ ፔትሮቪች መርፌ አላስገባበትም አለ። አዲሱ 80 ሩብል ይፈጃል፤ የዓመት ደመወዙ አንድ አምስተኛ። ሰውየው የማታ ሻዩን ተወ። ሻማ ማብራት አቆመ። የጫማው ሶል እንዳያልቅ በድንጋይ ንጣፉ ላይ እየተጠነቀቀ ይረግጥ ጀመር። እንዲህ ለወራት ቆይቶ ካፖርቱ ተሰፋ፤ በለበሰበት በዚያው ቀን ሌሊት ወንበዴዎች ባዶ አደባባይ ላይ ገፈፉት።

ልብ በሉ፤ ጎጎል ካፖርቱ ቆንጆ ነው ብሎ አላስለቀሰንም። የአንገቱ ጠጉር እንኳ የድመት ነው። የምናዝነው እያንዳንዷን ሻማና እያንዳንዷን ስኒ ሻይ አብረን ስለ ቆጠርን ነው። ዋጋውን አስቀድሞ አስከፍሎናልና ሲጠፋ የኛም ይጠፋል። ድኻ ምን ይጠፋበታል? ያ የተዘለለ ሻይ ሁሉ በአንድ ሌሊት ይጠፋበታል።

በዚያው ታሪክ ውስጥ ብዙ ሰው ሳያስተውላት የሚያልፋት አንዲት ያልታሰበች ወዳጅነት አለች። ፔትሮቪች አንድ ዓይና፣ ጠጪ፣ ዋጋ ቆላይ ሰው ነው። ሆኖም ካፖርቱን ባስረከበበት ጧት መንገድ ላይ ቆሞ ከኋላ ሲያየው ይቆይና፣ በጎን መተላለፊያ ሮጦ ይቀድምና፣ ከፊት ለፊት ደግሞ ያየዋል። አንዲት ቃል አልተነጋገሩም፤ አልተቃቀፉም። ግን አንድ ነገር ሁለቱ ብቻ የሚያውቁት ዋጋ አለው። ወዳጅነት ማለት ከዚህ የተለየ ምንድን ነው?

ዋጋው የታወቀ፣ ወዳጅነቱ ግን የጎደለ ታሪክ ማየት ለሚፈልግ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1884 የወጣው የሞፓሳን «ሐብሉ» አለ። ማቲልድ ከሀብታም ጓደኛዋ የተዋሰችውን ሐብል ትጥላለች። ከባሏ ጋር ተበድረው በ36 ሺህ ፍራንክ ሌላ ገዝተው ይመልሳሉ፤ ዕዳውንም ሲከፍሉ አሥር ዓመት ይፈጃሉ። በኋላ የጠፋው ሐብል አርቴፊሻል፣ ዋጋውም ቢበዛ 500 ፍራንክ እንደነበር ይሰማል። ሁሉም ሰው በዚህ መጨረሻ ይደነቃል። እኔን የሚያስደንቀኝ ሌላ ነው። «ጠፋብኝ» የምትል አንዲት ቃል ያንን አሥር ዓመት ታተርፍ ነበር። ማቲልድ ያችን ቃል የምታወጣበት ጓደኝነት አልነበራትም። ያኛዋም ሐብሉ ሲመለስላት ሣጥኑን ከፍታ እንኳ አላየችም። አንዷ ለመናገር ፈራች፤ ሌላዋ ለማየት ግድ አልነበራትም። ከሐብሉ በፊት የጠፋው ይኼ ነው።

ስለ ያልታሰበ ወዳጅነት ካነሳን ግን እ.ኤ.አ. በ1880ዎቹ አጋማሽ የታተመውን የማርክ ትዌይን «ሃክልቤሪ ፊን» የሚያህል አላውቅም። ነጭ ሕፃንና ከባርነት ያመለጠ ጥቁር ጎልማሳ ሚሲሲፒ ወንዝ ላይ ግንድ ተረብርቦ በተሠራ መንሳፈፊያ አብረው ይጓዛሉ። አንድ ሌሊት ጭጋግ ይለያያቸዋል። ሃክ ሲመለስ ጂም ተኝቶ ያገኘዋል፤ አንዱ መቅዘፊያ ተሰብሯል፤ መንሳፈፊያው ቅጠልና ቆሻሻ ለብሷል። ልጁ ሊቀልድበት ፈልጎ «ከቶም አልተለያየንም፤ ሕልም አይተህ ነው» ይለዋል። ጂም መጀመሪያ ያምነዋል። ኋላ ግን ቆሻሻውንና የተሰበረውን መቅዘፊያ ሲያይ እውነቱ ይገባዋል። ያን ጊዜ፣ የልጁ መጥፋት ልቡን ሰብሮት እንደነበር፣ ስለ ራሱም ስለ መንሳፈፊያውም ግድ እንዳልነበረው ይነግረዋል። ወዳጁን የሚያሳፍር ሰው ራሱ ቆሻሻ ነው ይለውና ይገባል። ሃክ ሄዶ ይቅርታ ለመጠየቅ 15 ደቂቃ ይፈጅበታል፤ ግን ይጠይቃል።

እዚህ ወርቅ የለም። የተቀረጸ ፊደል የለም። የተሰበረ መቅዘፊያና ቆሻሻ ብቻ ነው ያለው፤ እሱም ምስክር ሆኖ ቆመ። ከሁሉ የሚበልጠው ግን፣ ከታች ያለው ሰው «ጠፋብኝ» ብሎ መናገሩ ነው። ጂም ሌላው የጣለውን የሚያነሳ አልሆነም። የሚጠፋበት ነገር ያለው ሙሉ ሰው ሆነ። ወዳጅነቱም የተጀመረው ያን ሰዓት ነው።

«ይህ የፈረንጅ ነገር ነው» የሚለኝ ቢኖር፣ በ1958 ዓ.ም. የታተመውን የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» ይመልከት። ከፊታውራሪ መሸሻ ቤተ ዘመድ የሆነው ካሳ ዳምጤ የድኻውን ልጅ በዛብህን ይወዳጃል። ወንድሙ ሆኖ ስለተገኘ አይደለም። ሐብል ስለመለሰለትም አይደለም። በዚህ አቋሙ ምን አጣ? በትውልዱ ሊያገኝ የሚችለውን ክብር አጣ፤ ስሙ እንኳ «ጉዱ ካሳ» ሆኖ ቀረ። ስሙን ከፍሎ የገዛው ወዳጅነት ስለሆነ እስከ ዛሬ እናምነዋለን።

አንድ ተቃውሞ ይቀራል። «የጠፋ ዕቃ ሲገኝ አንባቢ ደስ ይለዋል፤ ይህን ለምን ትነፍገዋለህ?» ይሉኛል። አልነፍግም። በካሊዳሳ «ሻኩንታላ» ድራማ ውስጥ የጠፋው ቀለበት ከዓሣ ሆድ ይገኛል። ግን ንጉሡ ቀለበቱን ሲያይ የክዳት ሚስቱን ያስታውስና በጸጸት ይነድዳል። ቀለበቱ በአንድ ቀን ተመለሰ፤ ሰውየው ግን ሚስቱን እስኪያገኝ ብዙ ስቃይ አየ። ዓሣውን ያጠመደው ድኻም ቢሆን በሌብነት ተጠርጥሮ ሲንገላታ እናየዋለን። የኛ ሊስትሮ ያን ወርቅ በእጁ ይዞ በከተማው ሲዞር አንድ ሰው እንኳ «ከየት ሰረቅኸው?» አላለውም!

ረቂቁ አሁንም ጠረጴዛዬ ላይ ነው። ለወጣቱ የምለው ይህን ነው። ሐብሉን ተወው። የልጁን ሣጥን አጥፋበት። ሣጥኑን ማን እንደሠራለት፣ ብሩሹንና ቀለሙን በስንት ቀን ቁርስ እንደገዛ አስቀድመህ ንገረኝ። ከዚያ አንድ ጧት ሲነሳ ሣጥኑ ከራስጌው የለም በል። ያቺ ሀብታም ልጅ በመንገዱ ስታልፍ ቁጭ ብሎ ታገኘው። ቆማ «ምን ጠፋብህ?» ብላ ከጠየቀችው፣ መልሱንም እስኪጨርስ ከሰማችው፣ ወዳጅነታቸውን አምንልሃለሁ። እንባዬንም ሳትለምነኝ ታገኘዋለህ።