የመድረኩ ዘበኛ ቋንቋ

ባለፈው ዓመት በአንድ የበዓል ዋዜማ አቃቂ ከሚገኙት የመዝናኛ አዳራሾች በአንዱ የኪነት ዝግጅት ለማየት ተገኝቼ ነበር። ዘፈኑ መልካም፣ ውዝዋዜውም የተለፋበት ነበር። ከዚያ በኋላ አንድ ቀልደኛ ወጣ። አሮጌ ካፖርት ደርቧል፤ ቆመጥ ይዟል፤ ዘበኛ መሆኑ ነው። ገና አፉን ከፍቶ «እሷ መጣ፣ እሱ ሄደች» ሲል አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ልብ እንበል፤ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ አንዳች ቀልድ አልተነገረም፤ የሚያስቅ ነገርም አልደረሰም። ሕዝቡን ያሳቀው የሰውየው የተወላገደ አነጋገር ብቻ ነበር።

አጠገቤ ተቀምጠው የነበሩት አንድ ጡረተኛ ናቸው። በወጣትነታቸው ከጋሞ ደጋ መጥተው ዕድሜያቸውን በሽመና መኪና አጠገብ የጨረሱ ወዛደር ሲሆኑ፣ ጎረቤቴ ስለሆኑ አውቃቸዋለሁ። ከሁላችንም ሳቅ ጎልቶ ይሰማ የነበረው የእርሳቸው ነበር። ስንወጣ «ጋሼ፣ ቀልዱ ደስ አለዎት?» አልኋቸው። «ደስታው ይቅርብኝ፤ ካልሳቅሁማ እኔ መሆኔ ይታወቅብኛል» አሉኝ። ይህን ጽሑፍ ያስጻፈኝ ይህ መልስ ነው።

ስለ ብሔረሰብ ስድብ በተነሣ ቁጥር ክርክራችን በቃላት ላይ ያተኩራል። የትኛው ቃል ጥንታዊ ስም ነው፣ የትኛውስ ነውር ነው እያልን እንሟገታለን። ክርክሩ ከንቱ ነበር ለማለት አይደለም። ከ1966 ዓ.ም. አብዮት በፊት የወላይታ ሕዝብ በመንግሥት ወረቀት ላይ የሚጠራው «ወላሞ» በሚል ስም ነበር። አፋሩ «ደንከል» ይባል ነበር። የም የተባለው ሕዝብ ደግሞ ለአማርኛ ጆሮ ከዝንጀሮ ጋር በሚገጥም ስም «ጃንጀሮ» ይባል ነበር፤ ይህ ስም በክፍል ውስጥ ሲነበብ ልጆች ምን ያህል እንደሚሳሳቁ መገመት አያዳግትም። ቤተ እስራኤል የተሰጣቸው «ፈላሻ» የሚለው ስም ፈለሰ ከሚለው ግስ የወጣ ሲሆን፣ የአገሩን ተወላጅ መጻተኛ የሚያደርግ ቃል ነው። በኦሮሞ ሕዝብ ላይ ለዘመናት የተለጠፈውን፣ አባ ባሕርይም በ16ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ለድርሰቱ ርእስ ያደረገውን ቃል እዚህ መድገም አያስፈልግም። አንባቢ ያውቀዋል፤ ሕዝቡ ግን ራሱን የሚጠራው ኦሮሞ ብሎ ነው።

እነዚህ ስሞች ከጽሑፍ መውጣታቸው ታላቅ ድል ነበር። ሐምሌ 1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ከአማርኛ ሌላ በኦሮምኛ፣ በትግርኛ፣ በወላይትኛና በሶማልኛ ማስተማር ጀምሮ በኋላ 15 ቋንቋዎች ሲደርስ፣ በገዛ ስሙ የተጠራ ሕዝብ በገዛ ቋንቋው ፊደል ለመቁጠር በቃ። ያን ሥራ የሠሩ መምህራን ዛሬም ሊመሰገኑ ይገባል። ይሁን እንጂ ቃሉ ከወረቀት ላይ ሲፋቅ ስድቡ አብሮት አልተፋቀም፤ ከቃል ወደ ድምፅ ተዛወረ እንጂ። ዛሬ በመድረክ ላይ ያን የተከለከለ ስም የሚጠራ ቀልደኛ አይገኝም። ስሙን መጥራትም አያስፈልገውም፤ አነጋገሩን ማወላገድ ይበቃዋል።

የስድብን ምንነት በመዝገበ ቃላት ውስጥ የሚፈልግ ሰው አያገኘውም። በአገራችን የብሔረሰብ ስድብ አብዛኛውን ጊዜ የሥራ ክፍፍል ስም ነው፤ ማን ይሸከማል፣ ማን ይሸምናል፣ ማን ይቀጠቅጣል፣ ማንስ ተቀምጦ ይበላል ለሚለው ጥያቄ አሮጌው ሥርዓት የሰጠው መልስ ነው። ማረሻ የሚያበጀው ቀጥቃጭ፣ እንስራ የምትሠራው ሴት፣ ቆዳ ፋቂው ሁሉ «ቡዳ» ተባሉ። ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባወጁት ዐዋጅ ሠራተኛን በሥራው የሚሰድብ ሰው ንጉሡን እንደ ሰደበ እንደሚቆጠር አስጠነቀቁ፤ በስድቡ የተነሣ ማረሻ የሚሠራ እንኳ ከአገር እንዳይጠፋ ሠግተው ነበር። ዐዋጁ ግን ስድቡን አላጠፋውም። ባርነት በሕግ የተሻረው በ1934 ዓ.ም. ሲሆን፣ ቃሉ ዛሬም በመልኩ መጥቆር ብቻ በትምህርት ቤት ሕፃን ላይ ይወረወራል። ደግሞም ስድብ በአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚነፍስ ነፋስ አይደለም። የጎጃም ተወላጁ «ቡዳ» ይባላል፤ ገንዘቡን ቆጥቦ የያዘ ሁሉ «ጉራጌ ነህ እንዴ?» ይባላል። በዚህ በኋለኛው አባባል እንደ ነውር የተቆጠረው ምን እንደ ሆነ አስተውሉ፤ ጥሮ ግሮ ማደር ነው!

ይህን ጉዳይ አቃቂ ላይ ቆሞ ማሰብ ይጠቅማል። ሽመናና ብረት ቅጥቀጣ እንደ ውርደት ይቆጠሩ በነበረበት አገር፣ ከባቡሩ ሐዲድ ብዙም ሳይርቅ በንጉሡ ዘመን የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ፣ ኋላም የመለዋወጫ ዕቃዎችና የእጅ መሣሪያዎች ፋብሪካ የተተከሉት እዚሁ ነው። በመንደሩ «ሸማኔ» ተብሎ ይናቅ የነበረው ሰው አቃቂ መጥቶ ደመወዝተኛ ወዛደር ሆነ፤ የማኅበር አባል ሆነ፤ ልጆቹን አስተማረ። ሙያው ከበረ። በመድረኩ ላይ ግን ይኸው ሰው እስከ ዛሬ አልተነሣም፤ ዘበኛ ነው፣ ተሸካሚ ነው፣ ሴት ከሆነች ደግሞ የቤት ሠራተኛ ነች። ቀልደኛው ምላሱን ሲያጣምም የሰውየውን ብሔረሰብ ብቻ አይነግረንም፤ ከየትኛው በር ላይ መቆም እንዳለበትም ጭምር ይነግረናል።

ለመሆኑ ያ ዘበኛ የሚናገረው የማንን ቋንቋ ነው? ከዝግጅቱ በኋላ ቀልደኛውን አግኝቼ ጠየቅሁት። ቅን ወጣት ነው፤ ጥቂት አሰበና «የዘበኛ ነው» አለኝ። ከዚህ የተሻለ ማብራሪያ ከሊቃውንቱም አላገኘሁም። አነጋገሩ የጋሞ አይደለም፤ የኦሮሞም፣ የወላይታም፣ የጉራጌም አይደለም። ወንድና ሴት አይለይም ተብሎ የሚሳቅበት ሰው የአፍ መፍቻ ቋንቋ፣ ኦሮምኛም ይሁን ወላይትኛ፣ ወንዴና ሴቴን ይለያል። «ጠ»ን «ተ» እያለ እንዲናገር ይደረጋል፤ ኦሮምኛ ግን ጠንም፣ ቀንም፣ ጨንም አሟልቶ የያዘ ከመሆኑም በላይ አማርኛ የሌለውን «ዸ»ን ይጨምራል። ሁለተኛ ቋንቋ የሚናገር ሰው መሳሳቱ አይቀርም። ስሕተቱ ግን ከመጀመሪያው ቋንቋ ሥርዓት የሚመነጭ ስለሆነ የኦሮሞውና የጋሞው ስሕተት አንድ ሊሆን አይችልም። የመድረኩ አነጋገር ብዙ ሕዝቦችን በአንድ ካፖርት ውስጥ ጠቅልሎ ያስገባ፣ በምድር ላይ ማንም የማይናገረው ቋንቋ ነው።

አሁን ደግሞ ነገሩን እንገልብጠው። የታክሲ ረዳት ከቃሊቲ ላይ «ቱሉ ዲምቱ! ቱሉ ዲምቱ!» እያለ ይጣራል። ስሙ በኦሮምኛ ቀይ ኮረብታ ማለት ሲሆን፣ «ዲ» ረዘም ተደርጋ መነበብ ይገባታል። በኦሮምኛ የአናባቢ ርዝመት ትርጉም ይለውጣል፤ መሬት የሚለውን ቃል ለስላሳ ከሚለው የሚለየው ይኸው ርዝመት ነው። እኛ አማርኛ ተናጋሪዎች ግን የክፍለ ከተማችንን የኦሮምኛ የቦታ ስሞች እንዳሻን አሳጥረን እንጠራለን። ዕድሜያችንን ሙሉ ተሳስተን እንኖራለን፤ አንድም ሰው አይስቅብንም፤ ካፖርት አልብሶ መድረክ ላይ ያወጣንም የለም። እንግዲህ ስሕተት የሚያስቀው ስሕተት በመሆኑ አይደለም። የተሳሳተው ማን እንደ ሆነ ታይቶ ነው የሚሳቀው።

ማርቲኒካዊው የአእምሮ ሐኪም ፍራንዝ ፋኖን በ1952 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የመጀመሪያ መጽሐፉ ይህንኑ ነገር በፈረንሳይ ሐኪሞች ላይ ተመልክቶታል። ሐኪሙ ጥቁር በሽተኛ ሲመጣለት የበሽተኛውን ችሎታ ሳይጠይቅ በተሰባበረ ፈረንሳይኛ ያነጋግረዋል። ሲወቀስ «ክፉ ሐሳብ አልነበረኝም» ይላል። ፋኖን እንደሚለው ቁስሉ ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ሰውን ያለ ሐሳብ፣ ያለ ጭንቀት፣ እንደ ልማድ ዝቅ አድርጎ ማስቀመጥ መቻሉ። የእኛም አዳራሽ ክፉ ሐሳብ የለውም። የኔ ጎረቤትም ይህን አሳምረው ያውቃሉ። ለዚህ ነው አስቀድመው የሚስቁት። ሳቃቸው የመግቢያ ትኬት ነው፤ ከተመልካቹ ወገን ለመቀመጥ የሚከፍሉት ዋጋ።

የዚህ ዋጋ ሒሳብ በአንድ ምሽት አይዘጋም። ትምህርት ቤት ሲገቡ የአማርኛ ስም ተሰጥቷቸው እስከ ዛሬ የቤትና የመዝገብ ሁለት ስም ይዘው የሚኖሩ ሽማግሌዎች በመካከላችን አሉ። በታክሲ ውስጥ እናቱ በስልክ በቋንቋዋ ስታነጋግረው በአማርኛ የሚመልስ ወጣት ያላየ መምህር ካለ እጁን ያውጣ።

የመድረኩን ዘበኛ የሚከላከሉ ሰዎች ሦስት ነገር ይሉናል። አንደኛው «ይህ እውነታ ነው፤ ዘበኛው እንዲህ ይናገራል» የሚል ነው። እውነታ ከሆነማ፣ ገጠር ወርዶ በኦሮምኛ ሰላምታ ለመስጠት የሚንገዳገደው የከተማ ሹም በመድረካችን ላይ የታለ? እርሱም እኮ እውነታ ነው፤ ደግሞም እጅግ ያስቃል። ሁለተኛው «ራሳቸው ይስቃሉ» የሚለው ነው፤ ለዚህ ጎረቤቴ መልስ ሰጥተዋል። ሦስተኛው «እንዲህ ከሆነ ቀልድ ይሞታል» የሚል ስጋት ነው። የአገራችንን የቴአትር ታሪክ የማያውቅ ካልሆነ በቀር ይህን የሚል ሊኖር አይገባም። ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1910ሮቹ ዓ.ም. «ፋቡላ፡ የአውሬዎች ኮመዲያ» የተባለውን የመጀመሪያውን ተውኔታችንን ሲያቀርቡ በአውሬዎች አስመስለው የሣቁት በሹማምንቱ ነበር፤ ቤተ መንግሥቱም ተቆጥቶ ቴአትርን አስከለከለ። መንግሥቱ ለማም በ«ያላቻ ጋብቻ» የሣቁት በትውልድ ሐረጋቸው በሚኮሩት ላይ ነው። ኮሜዲያችን ሲወለድ ቀና ብሎ ይስቅ ነበር። ዛሬ አጎንብሶ ወደ በር ጠባቂው የሚስቀው ቀላልና አደጋ የሌለበት ስለሆነ ነው፤ ዘበኛው አይከስም፣ ዝግጅቱንም አያግድም።

ካድሬዎቻችንም ከዚህ የጸዱ አይደሉም። በስብሰባ ላይ ስለ ብሔር ብሔረሰቦች እኩልነት ሁለት ሰዓት ተናግሮ በሻይ ዕረፍት የባልደረባውን አነጋገር የሚኮርጅ ሰው አይተናል። በየዓመቱ ኅዳር 29 ቀን የየብሔረሰቡን ልብስ እናስለብሳለን፤ ሲጨፍሩ እናጨበጭባለን፣ ሲናገሩ እንስቃለን። ከዚህ የከፋው ግን አዳዲስ ስድቦችን ማምረታችን ነው። «ነፍጠኛ» ጥንት ጠመንጃ ያዥ ማለት የነበረ የሙያ ስም ነው። ዛሬ ጠመንጃ ቀርቶ ጥማድ በሬ የሌለው የአማራ ገበሬ ልጅ ይሰደብበታል። በ2013 ዓ.ም. በጀመረው ጦርነት «ጁንታ» የሚለው የአንድ ድርጅት መሪዎች መጠሪያ ጎረቤት በትግርኛ ተናጋሪ ጎረቤቱ ላይ የሚወረውረው ድንጋይ ሆነ። በሩዋንዳ በ1994 እ.ኤ.አ. በሬዲዮ ሰው «በረሮ» ሲባል፣ ሬዲዮኑ ከዚያ በፊት ብዙ ወራት ያዝናና፣ ያዘፍን፣ ያስቅም እንደ ነበር መርሳት አይገባም። የአቃቂ አዳራሽ ሩዋንዳ ነው እያልሁ አይደለም። የተማሩት የሳቅ ልማድ ለምን ሥራ እንደሚውል ግን የሚስቀው ሰው አስቀድሞ አያውቅም እላለሁ።

«ሕግ አለን» የሚሉ ይኖራሉ። አለን። የጥላቻ ንግግርና የሐሰተኛ መረጃ ሥርጭትን ለመከላከልና ለመቆጣጠር የወጣው ዐዋጅ ቁጥር 1185/2012 አለ። ነገር ግን ይኸው ዐዋጅ የኪነ ጥበብ ፈጠራንና ትርኢትን ከክልከላው ውጭ አድርጓል። በእኔ አስተያየት ማድረጉም ትክክል ነው፤ ፖሊስ ተውኔት የሚያርምበት አገር እንዲኖረን የሚፈልግ ደራሲ የለም። ስለሆነም ሕጉ ከመድረኩ በር ላይ ይቆማል። ከዚያ ወዲያ ኃላፊነቱ ለጸሐፊው፣ ለአዘጋጁ፣ ለተዋናዩና በፊተኛው ወንበር ተቀምጦ ለሚያጨበጭበው ሹም የተተወ ነው።

ዘበኛን በመድረክ አታውጡ የሚል ሐሳብ የለኝም፤ አውጡት። በአቃቂና በቃሊቲ መጋዘኖች በር ላይ የሚያድሩት ዘበኞች ብዙዎቹ ሁለት፣ ሦስት ቋንቋ ይናገራሉ፤ ወደ ውስጥ የሚገባው ሥራ አስኪያጅ ግን አብዛኛውን ጊዜ የሚያውቀው አንዱን ነው። ከእኩለ ሌሊት በፊት የዘበኛው ስልክ ይጠራል። ሚስቱ ናት፤ ወይም አገር ቤት ያሉት ወንድሙ ናቸው። ስለ እህል ዋጋ፣ ስለታመመችው ላም፣ ስለ ልጁ ፈተና በቋንቋው ይነጋገራል፤ ይቀልዳል፣ ይተርታል፣ ይቆጣል፤ አንድም ቃል ሳይወላገድበት። ይህን ያህል ዓመት ቴአትርና ቀልድ ስመለከት ያ ስልክ በመድረክ ላይ ሲጠራ አንድ ቀን አልሰማሁም።