«ምን ላትርፍላችሁ?»

ባለፈው መንፈቅ ዓመት በማደሪያችን አንድ ላፕቶፕ ተበላሽቶ ለጠጋኝ ተሰጠና ዊንዶውሱ እንደ ገና ተጭኖበት ተመለሰ። ጽሑፎቻችን በፍላሽ ተርፈዋል፤ አራት ሆነን በየተራ ሁለት ዓመት የሠራነው የማይንክራፍት ከተማ ግን ጠፋ። ጠጋኙን ያልረገመ አልነበረም። በእኛ አስተያየት ግን ጥፋቱ የእርሱ አይደለም። ሰውየው አስቀድሞ «ምን ላትርፍላችሁ?» ብሎ ጠይቆን ነበር፤ ጨዋታው የት እንደሚቀመጥ ከአራታችን አንድም የሚያውቅ ስላልነበረ መልስ ያጣነው እኛው ነን።

«ጨዋታ ነው፤ ምን ያስለቅሳል?» የሚሉን አልታጡም። የጐንደርን ፋሲል ግንብ ድንጋይ በድንጋይ ሲክቡ አምሽተው የማያውቁ ናቸው!

ቦታው ሩቅ አይደለም፤ የተሰወረ ነው እንጂ። የዊንዶውስን ቁልፍና «አር» የሚለውን ፊደል ባንድነት ተጭኖ፥ በሚከፈተው ሳጥን ውስጥ አፕዳታ የሚለውን ቃል በእንግሊዝኛ ፊደል በሁለት የፐርሰንት ምልክቶች መካከል መጻፍ ነው። እዚያ የማይንክራፍት ፎልደር አለ፤ በውስጡም «ሴቭስ» የሚባለው ዓለሞቻችንን ሁሉ ይዟል። የስታርዱ ቫሊም እርሻ ሰፈሩ እዚያው ነው። ጨዋታውን ዘግቶ ፎልደሩን እንዳለ መገልበጥ ይበቃል፤ ነገር ግን እዚያው ዲስክ ላይ መገልበጥ ቤት ሲቃጠል ዕቃን ወደ ጓዳ እንደ ማሸሽ ነው።

«ክላውድ አለልን» የሚሉም አሉ። ስቲም የብዙ ጨዋታዎችን ፋይል ያኖራል፤ ዳሩ ግን እዚህ የተበላሸው ፋይል እዚያ ያለውን ደህናውን ሊተካው ይችላል። የእኛው ማይንክራፍት፥ ማለት የጃቫው፥ ጭራሽ በስቲም አይሸጥም።

አዲስ ከተማ ጀምረናል። ዓርብ ዓርብ ማታ በሁለት ፍላሽ ይገለበጣል፤ አንደኛው ፍላሽ ከሌላ ማደሪያ ያድራል። ግንቡ ገና መሠረቱ ላይ ነው።